ኅብስቱ አደባባይ ሲወጣ

በሰኔ የድሬዳዋ ፀሐይ ምሕረት የላትም። ገና ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ሰው ጥላ ሲሻማ ታያለህ። አምና በዚህ ሰዓት ከዚራ ሰፈር ውስጥ አንድ የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ግቢ ቆሜ ነበር። ነጭ የለበሱ ሕፃናት በትንንሽ ሙዳይ የቡገንቪላ አበባ ይዘው ከፊት ይሄዳሉ። ጥቂት ይራመዱና ዞር ብለው ይበትናሉ። ከኋላቸው አራት ጎልማሶች ባለ አራት ቋሚ ድባብ ወጥረው ይዘዋል። ከድባቡ ሥር ቄሱ አሉ። ትከሻቸው ላይ በጣሉት ወርቃማ ልብስ እጃቸውን ጠቅልለው፣ ዙሪያው እንደ ፀሐይ ጨረር የተሠራ ዕቃ ከፍ አድርገው ይዘዋል። የዕቃው መሐል መስታወት ነው። መስታወቱ ውስጥ አንድ ስስ፣ ነጭ፣ ክብ ኅብስት አለ።

ጎኔ የቆመው ጓደኛዬ ኦርቶዶክስ ነው። እኔን ሊያደርስ መጥቶ በዚያው የቀረ። ጠጋ አለና "ስማ፣ ይሄ ታቦት ነው?" አለኝ።

"አይደለም።"

"ታዲያ ምን ሆኖ ነው እንደ ታቦት የሚዞረው?"

አቦ፣ ይሄ ቀላል ጥያቄ አይደለም። እዚያው ቆሜ አንድ ሁለት ቃል አልኩት፤ እሱም አልገባውም፣ እኔም አልረካሁም። ይህ ጽሑፍ የዘገየው መልሴ ነው።

ጥያቄው ደግሞ የእኛ ግቢ ብቻ አይደለም። በ2024 ሁለት ትልልቅ የካቶሊክ ጉባኤዎች በዚሁ ኅብስት ዙሪያ ተካሂደዋል። (የታሪኩን ዓመትም ወርም እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ ነገሩ እነሱ ዘንድ ስለተጀመረ።) ሐምሌ ላይ ኢንዲያናፖሊስ ውስጥ ከ50,000 በላይ አሜሪካውያን አንድ ስታዲየም ሞልተው ተንበርከኩ። ከዚያ በፊት ደግሞ ምእመናን ከአገሪቱ አራት ማዕዘን ተነስተው፣ ቅዱስ ቁርባኑን ይዘው፣ ሁለት ወር ያህል ተጉዘው ነበር። አራቱ መንገዶች ሲደመሩ ከ10,000 ኪሎ ሜትር ይበልጣሉ። በእኛ አዲስ ዓመት ሰሞን ደግሞ የኢኳዶር ዋና ከተማ ኪቶ 53ኛውን ዓለም አቀፍ የቅዱስ ቁርባን ጉባኤ አስተናገደች። ቀጣዩ በ2028 ሲድኒ ነው። ብዙ ሰው ያለፈበት ያረጀ ነገር ነው ያለው ሰልፍ ተመልሶ መጥቷል ማለት ነው። ለምን?

መጀመሪያ የጋራችንን እንያዝ። ኅብስቱ የክርስቶስ ሥጋ፣ ወይኑ ደሙ ይሆናል በሚለው ላይ ካቶሊክና ኦርቶዶክስ አይጣሉም። የእኛ ሰው "አማናዊ" የሚላት አንዲት ቃል ነገሩን ትጨርሰዋለች። ምሳሌ አይደለም፣ መታሰቢያ ብቻም አይደለም፣ እውነተኛው ነው። ልዩነቱ ከዚያ በኋላ ነው። በኦርቶዶክሱ ሥርዓት ኅብስቱ በቤተ ልሔም ይጋገራል፣ ይቀደሳል፣ ይቆረባል፣ አለቀ። ለነገ አያድርም። የላቲን ሥርዓት የሚከተለው ካቶሊክ ግን ከቅዳሴ የተረፈውን በአንዲት ትንሽ ሣጥን ቆልፎ ያስቀምጣል፤ አጠገቧ ቀይ መብራት ይበራል። መጀመሪያ የሚቀመጠው ለታመመና ለሚሞት ሰው ተብሎ ነበር። ሌሊት ቢጠሩህ ይዘህ የምትሮጠው። ግን አንዴ ካስቀመጥከው፣ ካመንክበትም፣ አጠገቡ ሄደህ መንበርከክህ አይቀርም። ስግደቱ እንዲህ ነው የመጣው።

ከዚያ አንዲት ሴት አለች። ዩሊያና ትባላለች፤ ዛሬ ቤልጅየም በምንለው አገር፣ ሊዬዥ ውስጥ የነበረች መነኩሲት። ለቅዱስ ቁርባን ብቻ የሚሆን በዓል ያስፈልጋል ብላ ዓመታት ወተወተች። የሊዬዥ ጳጳስ በ1246 ተቀበሏት። በዚያው ሀገረ ስብከት ሊቀ ዲያቆን የነበረ ሰው ደግሞ በኋላ ኡርባን 4ኛ ተብሎ ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ሆነ፤ በ1264 በዓሉን ለመላው ቤተ ክርስቲያን አወጀ። ጸሎቱንና ዜማውን ያዘጋጀው የነገረ መለኮት ሊቁ ቶማስ አኲናስ እንደሆነ ይነገራል። እኛ ግቢ ሰኔ ላይ የሚዞረው ሰልፍ የዚያ በዓል ልጅ ነው።

እዚህ ላይ ግን አንድ እንግዳ ነገር ተፈጠረ። በመካከለኛው ዘመን አውሮፓ ሕዝቡ ኅብስቱን ማየት እየወደደ፣ መቀበል እየፈራ ሄደ። ቄሱ ኅብስቱን ከፍ ሲያደርጉ ለማየት ከቤተ ክርስቲያን ቤተ ክርስቲያን የሚሮጥ ሰው ነበር። ያችን ደቂቃ አይቶ ይወጣል። መቁረቡ ግን ይቅርብኝ ይላል፤ "እኔ ማን ነኝና"። ነገሩ ስለከፋ በ1215 ሮም የተሰበሰበው የጳጳሳት ጉባኤ፣ የላተራኑ፣ "ቢያንስ በዓመት አንድ ጊዜ ቁረቡ" ብሎ ሕግ አወጣ። ቢያንስ አንድ ጊዜ! ይህን ለማስደረግ ሕግ ያስፈለገው ሕዝብ ነው እንግዲህ ኅብስቱን በወርቅ ከቦ በየመንገዱ ያዞረው።

አውሮፓ ላይ ለመሳቅ ግን አንቸኩል። እስኪ የእኛን ሰፈር ተመልከት። ሕፃን ይቆርባል፣ አረጋዊ ይቆርባል። መሐል ያለው ጎልማሳ ከደጀ ሰላም ቆሞ ያስቀድሳል። "ቆርበሃል?" ብትለው እንደ ስድብ ሊያየው ይችላል። ልጆቹ "በቁርባን ተጋቡ" ሲባል ሰፈሩ ሁሉ የሚያወራው ነገሩ ብርቅ ስለሆነ አይደል? ከአክብሮት የመጣ ፍርሃት ነው። ክፉ ነው አልልም። ግን አክብሮት ሲበዛ ማዕዱ ባዶ ይቀራል። ይህን ነጥብ ያዝልኝ፤ የጉባኤዎቹ ታሪክ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በዚህ ዙሪያ ነው የሚሽከረከረው። ኅብስቱ የሚታይ ነው ወይስ የሚበላ? የሚታይ ከሆነስ ማን እንዲያየው ነው?

አሁን ወደ ፈረንሳይ። ኤሚሊ ታሚዚዬ በ1834 ቱር ከተማ የተወለደች ናት። መነኩሲት ለመሆን ሞክራ ያልሆነላት ሴት። ገዳም ትገባለች፣ ትወጣለች። ቅዱስ ቁርባንን ከማክበር ሌላ ሥራ ያልነበረውን የአባ ፒየር ጁሊያን ኤይማርን ትምህርት ሰምታለች፤ ከልቧም አልወጣም። ሥልጣን የላትም፣ ገንዘብ የላትም፣ ስሟ እንዲነሳም አትፈልግም። ያላት ብዕርና ትዕግሥት ነው። ለጳጳሳቱ ደብዳቤ፣ ለባለሀብቶቹ ደብዳቤ። ከ1870ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ የቅዱስ ቁርባን ተአምር ታይቶባቸዋል ወደሚባሉ ቦታዎች ጉዞ ማዘጋጀት ጀመረች። ጉዞው ቀስ በቀስ ወደ ጉባኤ አደገ። ሰኔ 1881 የመጀመሪያው ዓለም አቀፍ ጉባኤ በሰሜን ፈረንሳይ፣ ሊል ከተማ ተከፈተ። ሊል የፈትልና የጨርቅ ከተማ ናት። የጉባኤው ዋና ደጋፊ ፊሊቤር ቭሮም የክር ፋብሪካ ባለቤት ነበር። የድሬን ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ፉጨት እየሰማ ላደገ ሰው ይህ ሥዕል አይጠፋውም።

ለምን በ1881? የፈረንሳይ መንግሥት ያኔ ከቤተ ክርስቲያን ጋር ጠበኛ ነበር። ትምህርት ቤቱን ከካህናት እጅ እያወጣ ነው። በ1880 ፈቃድ የላቸውም የተባሉ የመነኮሳት ማኅበራት እንዲበተኑ አዋጅ ወጣ፤ ኢየሱሳውያንም ካፑቺኖችም ከቤታቸው ተባረሩ። ሃይማኖት የግል ጉዳይ ነው፣ ቤትህ አድርገው ተባለ። ታሚዚዬና ጓደኞቿ የሰጡት መልስ ኅብስቱን አንስቶ ወደ መንገድ መውጣት ነበር። እንግዲህ የመጀመሪያው ጉባኤ ጸሎት ብቻ አልነበረም። "መንገዱ የእኛም ነው" የሚል ሰልፍ ነበር።

የሐረር ነገር የሚገባው እዚህ ላይ ነው። አጋጣሚው ሁሌ ይገርመኛል። በዚያው በ1881፣ ሊል ውስጥ ሰልፍ ሲወጣ፣ ፈረንሳዊው የካፑቺን ጳጳስ አቡነ ታውሪን ካኻኝ ሐረር ገብተው መኖር ጀመሩ። ከሁለት ዓመት በፊት አፄ ዮሐንስ ከሸዋ አስወጥተዋቸው ነበር፤ እሳቸውንም፣ አለቃቸውን አቡነ ማስያስንም። ሐረር ያኔ በግብፅ እጅ ናት። የጀጎል ግንብ ውስጥ ከ80 በላይ መስጊዶች ያሉባት ከተማ ናት። ማኅበራቸው በአገሩ መንገድ ላይ ቦታ አጥቷል፤ እሳቸው ደግሞ ጨርሶ የእነሱ ባልሆነ መንገድ ላይ አንዲት ጠባብ ቤት ይፈልጋሉ። አንዱ ቤተ ክርስቲያን፣ አንድ ዓመት፣ ሁለት የተለያየ ኑሮ።

የሐረሩ ሚሲዮን በሰልፍ አይታወስም። የሚታወሰው በትምህርት ቤቱና ለሥጋ ደዌ ሕሙማን ባቋቋመው መንደር ነው። ከአቡነ ታውሪን በኋላ የመጡት አቡነ እንድርያስ ጃሮሶ ደግሞ የአንድ ልጅ አስተማሪ ሆኑ። ልጁ የራስ መኰንን ልጅ ተፈሪ ነበር። የቀረውን ታውቁታላችሁ። ባቡሩ በ1902 መጨረሻ ድሬ ሲደርስ ከጅቡቲ በኩል ፈረንሳዩም ጣሊያኑም ገባ፤ የከዚራ ካቶሊክ ከዚያ ነው የተነሳው። ቅዳሴው፣ ለገሃሩ፣ ዳቦ ቤቱ አብረው ነው የመጡት።

ወደ ጉባኤው እንመለስ። ከሊል በኋላ አቪኞን፣ ሊዬዥ፣ ፍሪቡርግ እያለ ዞረ። ለእኛ የሚጠቅመው የ1893ቱ ነው፤ ኢየሩሳሌም። ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ ሊዮ 13ኛ ካርዲናል ላንጄኒዩን ወኪላቸው አድርገው ላኩ። እዚያ የተሰበሰቡት የምሥራቅ ካቶሊኮች፣ ከሮም ጋር ሆነው የየራሳቸውን ሥርዓት የያዙት፣ አንድ የቆየ ቅሬታ አነሱ፦ የላቲን ሚሲዮናውያን ሥርዓታችንን እየዋጡት ነው አሉ። ቅሬታው ሰሚ አገኘ። በቀጣዩ ዓመት ሊዮ 13ኛ የምሥራቅ ሥርዓቶች ክብር እንዲጠበቅ የሚያዝ ደብዳቤ አወጡ። ዛሬ አዲስ አበባ ወይም አዲግራት ውስጥ ካቶሊክ ቄስ በግዕዝ ሥርዓት ሲቀድስ ብትሰማ፣ ከዚያ ክርክር ጋር የሩቅ ዝምድና አለው። እኛ የሐረሩ ሐዋርያዊ ቪካሪያት ልጆች ግን በላቲኑ ሥርዓት ቀርተናል። ይህ ራሱን የቻለ ወሬ ነው፤ ለሌላ ቀን።

በ1905 ጉባኤው ሮም ላይ ሲሆን ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ ፒዮስ 10ኛ ነበሩ። እኚህ ሰው የገጠር ቄስ ነበሩ። የማየቱን ነገር ሳይነቅፉ ወደ መብላቱ ጎተቱት። በዚያው ዓመት መጨረሻ ቶሎ ቶሎ፣ ቢቻል በየቀኑ ቁረቡ የሚል ድንጋጌ ወጣ። በ1910 ደግሞ ልጆች ሰባት ዓመት ገደማ ሲሆናቸው እንዲቆርቡ ፈቀዱ፤ ከዚያ በፊት አሥርም አሥራ ሁለትም ዓመት ይጠብቁ ነበር። ግን አንድ እንቅፋት ነበር፤ ጾሙ። ከእኩለ ሌሊት ጀምሮ ውሃ እንኳ አይቀመስም። እሱን የቀነሱት ፒዮስ 12ኛ ናቸው፤ በ1957 ሦስት ሰዓት አደረጉት። ጳውሎስ 6ኛ በ1964 ወደ አንድ ሰዓት አወረዱት። የእኛ ሰው ይህን ሲሰማ ፊቱን ያጠቁራል። 18 ሰዓት ጾሞ ለሚቆርብ ኦርቶዶክስ "አንድ ሰዓት" ቀልድ ይመስለዋል። እኔም አንዳንዴ፣ ፈጢራዬን በልቼ ወደ ቅዳሴ ስሮጥ፣ ቀልድ ይመስለኛል። ግን የተገኘውንም አልክድም፤ ከፋብሪካ ፈረቃ የወጣች እናት ማታ ቅዳሴ መጥታ ትቆርባለች።

ስለ መንገዱ ደግሞ የለንደኑን የ1908 ታሪክ ስሙ። እንግሊዝ ውስጥ የካቶሊክ ካህናት በሥርዓተ ልብሳቸው መንገድ ላይ እንዳይወጡ የሚከለክል የ1829 ሕግ ነበር። ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ ለጉባኤው ካርዲናል ቫኑቴሊን ላኩ፤ ከ350 ዓመት ወዲህ እንግሊዝን የረገጠ የመጀመሪያው የሮም ወኪል። ሰልፉ ታቀደ። ፕሮቴስታንቶቹ ተቆጡ። ጠቅላይ ሚኒስትሩ አስኲዝ በመጨረሻ ሰዓት "ሰልፉ ይሁን፣ ኅብስቱ ግን አይውጣ" አሉ። ካቶሊኮቹ ታዘዙ። ካህናቱ ያለ ኅብስት፣ ያለ ሥርዓተ ልብስ ሄዱ። ካርዲናሉ ግን የዌስትሚኒስተር ካቴድራል ሰገነት ላይ ወጥተው፣ መንገድ ላይ የቆመውን ሕዝብ ከላይ ሆነው በኅብስቱ ባረኩት። ሰገነቱ የግል ግቢ ነው፤ ሕግ አልተጣሰም። ይህን ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ። እንዲህ ያለ ብልሃት የድሬ ሰው ነው የሚያውቀው።

በለንደን ካቶሊኩ አናሳ ነበር፤ ሰልፉም የተገፋ ሰው ድምፅ ነበር። ያው ሰልፍ በሌላ አገር ሌላ ትርጉም ይዞ ይወጣል። አፍሪካ የመጀመሪያ ጉባኤዋን ያገኘችው ግንቦት 1930 ነው፤ ቱኒዝያ፣ ካርቴጅ። ቦታው ለክርስትና ታሪክ ትልቅ ነው፤ ቅዱስ ቆጵርያኖስ የሞተበት፣ አውግስጢኖስ የተማረበት። ግን ቱኒዝያ የፈረንሳይ ጥገኛ፣ ሕዝቡም ሙስሊም ነበር። ዓመቱ ደግሞ ፈረንሳይ አልጄሪያን የያዘችበት 100ኛ ዓመት። በዚህ መሐል አዘጋጆቹ ሕፃናትን የመስቀል ጦረኛ ልብስ አልብሰው በሰልፍ አስወጡ። ምን አስበው እንደሆነ እግዜር ይወቅ። የቱኒዝ ሰው ግን ያየው አንድ ነገር ነው፦ አገራችንን የያዙት ሰዎች አሁን ደግሞ በእምነታችን ላይ ዘመቱ። ተማሪውና የወደብ ሠራተኛው ተቃውሞ ወጣ። ከተቆጡት ወጣቶች አንዱ ሐቢብ ቡርጊባ ነበር፤ በኋላ የነፃይቱ ቱኒዝያ የመጀመሪያ ፕሬዚዳንት የሆነው። ጉባኤው ለክርስቶስ ክብር ተብሎ ለብሔርተኞቹ ምክንያት አቀበለ።

በዚያው ዓመት ኅዳር ላይ የአቡነ እንድርያስ ተማሪ አዲስ አበባ ውስጥ ነገሠ። ካርቴጅ ላይ ቤተ ክርስቲያን ከቅኝ ገዢ ጋር ተቃቅፋ ታየች። ሐረር ላይ ደግሞ ሌላ ቅኝ ገዢ፣ ጣሊያን፣ ከገባ በኋላ ፈረንሳዊው አዛውንት ጳጳስ አገር ለቀው ወጡ፤ በ1941 ቱሉዝ ላይ አረፉ። ሁለቱን ጎን ለጎን ሳያቸው፣ የእኛ ግቢ ሰልፍ ከበር የማይወጣው ስለተከለከለ አይመስለኝም። ውጭ መጋላ አለ፣ መስጊዱ አለ፣ ቅዱስ ገብርኤል አለ፣ ሁሉም ቀን አለው። ቁልቢ የሚሄደው ሕዝብ በታኅሣሥና በሐምሌ መንገዱን ሲሞላው ሙስሊሙ ጎረቤት ውሃ ያቀብላል። ድሬ ላይ መንገድ በተራ ነው የሚኬድበት። ይህን ሚሲዮኖቹ ቶሎ ተምረዋል።

ሺካጎ 1926፣ ደብሊን 1932፣ ቡዌኖስ አይረስ 1934። በነዚህ ላይ አልቆይም። ቁጥሩ ወደ ሚሊዮን አደገ፣ ልዩ ባቡር ተዘጋጀ፣ ድምፅ ማጉያ ተተከለ። ሃይማኖት በሕዝብ ብዛት የሚለካበት ዘመን ነበር። በ1938 ቡዳፔስት ላይ ሌላ ብዛት ጎረቤት ቆሞ ነበር፤ ሂትለር ኦስትሪያን ከያዘ ገና ሁለት ወሩ ነው። ጀርመናውያን ጉባኤው ላይ እንዳይገኙ ተከለከሉ። ጦርነቱ መጣና ጉባኤው እስከ 1952 ቆመ።

ከጦርነቱ በኋላ ነገሩ እንደገና የታሰበው ሙኒክ ላይ ነው፤ በ1960። የሥርዓተ አምልኮ ሊቁ ዮሴፍ ዩንግማን አንድ ሐሳብ አመጣ። ድሮ ሮም ውስጥ ጳጳሱ በቀጠሮ ቀን አንድ ቤተ ክርስቲያን ይሄዳሉ፤ የከተማው ምእመናን ሁሉ እዚያ ተሰብስበው በአንድ ማዕድ ይቆርባሉ። "ስታሲዮ" ይሉታል። እንግዲህ ጉባኤውም የዓለም "ስታሲዮ" ይሁን አለ። ዋናው ነገር የሚዞረው ኅብስት መሆኑ ቀርቶ የሚቆረሰው ሆነ። ቅዳሴው መሐል ገባ፤ ስግደቱ አልጠፋም፣ ግን ከቅዳሴው እንደሚወጣ ጅረት ሆነ። በዚያው ጉባኤ፣ ሙኒክ አጠገብ ባለው የዳካው ማጎሪያ ካምፕ ግቢ አንድ የጸሎት ቤት ተባረከ። ካሠሩት አንዱ ረዳት ጳጳስ ኖይሆይዝለር ናቸው፤ እሳቸው ራሳቸው እዚያ ታስረው ነበር። ለእኔ ከሺካጎ ሚሊዮን ይልቅ ይህ ይበልጣል።

ከዚያ ጥያቄው ሌላ መልክ ያዘ። ኅብስት የሚቆረስ ከሆነ፣ እንጀራ ያጣው ሰውስ? በ1964 ጳውሎስ 6ኛ ለጉባኤው ሕንድ፣ ቦምቤይ ሄዱ፤ ሲመለሱ የተሰጣቸውን ነጭ መኪና ለማዘር ቴሬዛ ትተው ሄዱ። እሷም በዕጣ ሸጠችው። በ1976 ፊላደልፊያ ላይ የጉባኤው ርዕስ ራሱ "ቅዱስ ቁርባንና የሰው ልጅ ረሃብ" ነበር። ማዘር ቴሬዛ ነበረች። የክራኮቭ ካርዲናል ካሮል ቮይቲዋም ነበሩ፤ ከሁለት ዓመት በኋላ ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ የሆኑት። ዶሮቲ ዴይም መጣች። ኒው ዮርክ ውስጥ ለድሃ ሾርባ ስታድል ያረጀች ሴት። የተናገረችው ነሐሴ 6 ቀን ነው፤ ሂሮሺማ የተመታችበት ዕለት። አዘጋጆቹ ለዚያው ቀን የወታደሮች ቅዳሴ መድበው ነበር። እሷ ሳትጮህ፣ ሳትሳደብ፣ ከማዕዱ በፊት ንስሐ ይቀድማል ስትል ቀኑን አስታወሰቻቸው። ከጉባኤዎቹ ሁሉ አንድ ንግግር ብቻ መስማት ትችላለህ ቢሉኝ ያንን እመርጣለሁ።

ነሐሴ 1985 ጉባኤው ናይሮቢ ገባ። ርዕሱ የክርስቲያን ቤተሰብ ነበር። ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ ራሳቸው መጥተው ዘጉት። ከድንበሩ ወዲህ እኛ ነበርን፣ በእኛ አቆጣጠር በ77ቱ ድርቅ ውስጥ። ቤተሰብ የሚለው ቃል እህል ማከፋፈያ ሰልፍ ላይ የሚበተንበት ጊዜ። እናቴ ስለ ናይሮቢው ጉባኤ የሰማችው ነገር የለም። የምታስታውሰው የእርዳታ ዱቄት ከረጢቱንና በኋላ ከከረጢቱ የተሰፋውን የትራስ ልብስ ነው። ዛሬም ድሬ ውስጥ "ካቶሊክ" ስትል ብዙው ሰው የሚመጣለት ቅዳሴው አይደለም። የሐረርጌ ካቶሊክ ጽሕፈት ቤት የሚባለው፣ ድርቅ ሲመታ እህልና ውሃ የሚያደርሰው መሥሪያ ቤት ነው። ወይም የማዘር ቴሬዛ እህቶች፣ ባለ ሰማያዊ ጥለት ነጭ ሳሪ ለባሾቹ።

ታዲያ ማዕዱ ወደ መሐል ከመጣ፣ ሰልፉ ለምን ተመለሰ? አሜሪካኖቹን እንይ። በ2019 ፒው የተባለው የጥናት ተቋም ካቶሊኮችን ጠየቀ። ኅብስቱና ወይኑ በእርግጥ የክርስቶስ ሥጋና ደም ይሆናሉ ያለው 31 በመቶው ብቻ ነበር። የቀረው "ምሳሌ ነው" አለ። ጥያቄውን በሌላ አገላለጽ የጠየቁ ጥናቶች በኋላ ከፍ ያለ ቁጥር አግኝተዋል፤ ጳጳሳቱ ግን ደነገጡ። ኮቪድ ደግሞ ቤተ ክርስቲያኑን ዘጋው። ኢንዲያናፖሊስ የመጣው ከዚህ ነው። አስተውል፤ አሁን ሰልፉ የወጣው በመንግሥት ላይ አይደለም፣ በፕሮቴስታንት ላይም አይደለም። የሚቆርብ ግን የማያምን የራስ ልጅ እንዲያየው ነው። በመካከለኛው ዘመን ሰው እያመነ ሳይቀበል ይቀር ነበር። አሁን ሳያምን ይቀበላል። ሁለት ተቃራኒ በሽታ፣ አንድ መድኃኒት ታዘዘላቸው።

መድኃኒቱ ይሠራል ወይ ካልከኝ፣ ግማሽ በግማሽ ነኝ። ሃምሳ ሺህ ሰው ፀጥ ብሎ ሲንበረከክ ማየት ልብ ይነካል፤ ቪዲዮውን አይቼ ተነክቻለሁ። ስታዲየም ግን በሦስተኛው ቀን ተጠርጎ ለኳስ ይዘጋጃል። ኪቶ በዚህ በኩል ትሻላለች። ርዕሷን "ዓለምን ለመፈወስ ወንድማማችነት" አለችው። ኢኳዶር በ1874 ራሷን ለኢየሱስ ቅዱስ ልብ የሰጠች የመጀመሪያዋ አገር ናት፤ 150 ዓመቱን አብራ አከበረች። በወቅቱ አገሪቱን የወሮበላ ቡድን ግድያ ሰቅዞ ይዟት ነበርና ወንድማማችነት ማለት እዚያ ባዶ ቃል አይደለም።

ለጓደኛዬ ይህን ሁሉ የነገርኩት ባለፈው ሳምንት ነው፤ ለገሃር አካባቢ ሻይ ይዘን። እስከ መጨረሻው ሰማኝ። ለታቦቱ ጥያቄ መልሴ እንዲህ ሆነ፦ "ታቦት ሲወጣ ቃል ኪዳኑ ነው የሚወጣው፤ ተሸፍኖ። እኛ ጋ ደግሞ ማዕዱ ራሱ ነው የሚወጣው፤ ተገልጦ።" ትንሽ አሰበና "ተገልጦ የወጣ ምግብማ ካልተበላ ዝንብ ነው የሚበላው" አለ። ሳቅሁ። ዩንግማን ይህን ለማለት ስንት ገጽ ጽፏል።

ቀጥሎ የጠየቀኝ ግን አላስቻለኝም። "ከሃምሳ ሦስቱ አፍሪካ ስንቱን አስተናገደች?"

"ሁለት። ካርቴጅና ናይሮቢ።"

"ሲድኒስ?"

"ሲድኒ በ1928 አስተናግዳለች። በመቶ ዓመቷ ልትደግም ነው።"

ቅዳሴው ሞልቶ የሚፈስበት አህጉር ሁለት፣ ሲድኒ ብቻዋን ሁለት። ስኳሩን ሲያማስል ቆየ። "እንግዲያው ቀጣዩ ድሬ ይሁን" አለ። "ግን ንገሯቸው፣ ሰኔ ላይ እንዳያደርጉት።"